ልጁን ያሸሸው ሩጫው አይደለም፦ ለአንድ ጋሼ የተጻፈ ምላሽ

ጽሑፉ የደረሰኝ ሐሙስ ማታ ነው። ላኪው የአንዱ ሰልጣኜ አባት ናቸው። ከሥሩ «መምህር፣ እስቲ ይቺን አንብብና ልጄን እንዲህ አድርገህ ያዝልኝ» ብለው ጽፈውበታል። አነበብኩት። ደገምኩት። ሻዬ ቀዘቀዘ። (ደብረ ብርሃን ላይ ሻይ ለመቀዝቀዝ ጊዜ አይፈጅበትም፤ የኔው ግን በረዶ ሊሆን ምንም አልቀረው።)

ጸሐፊው በደህናው ጊዜ ለጦር ሠራዊት የሮጡ፣ አሁን በዕድሜ የገፉ ሰው ናቸው። ስማቸውን አልጠራም። ታላቄ ናቸውና ጋሼ እያልኩ እቀጥላለሁ። ጽሑፋቸውን ላላያችሁ ሰዎች ነገሩ ባጭሩ እንዲህ ነው። የዛሬ ልጅ ተሞላቋል። የልጆች የስፖርት ሥነ ልቦና ምናምን የሚባለው የፈረንጅ ቅንጦት ነው። ልጅ በሰባት ዓመቱ አንድ ስፖርት ተመርጦለት እዚያው ላይ ይጠመድ። ይሰደብ፣ ስድብ ያጠነክረዋል። ሲያሸንፍ ገንዘብ ይቆረጥለት። ውድድር ሲደርስ ሆዴን የሚል ልጅ ፈሪ ነውና ወደ ቤቱ ይሸኝ፣ ወላጅም ሜዳ ዳር ቆሞ ይጩህበት። ሴቶቹ የሚያቋርጡት ወኔ ስለሌላቸው ነው። በመጨረሻም፣ የድሃ ልጅ ለጨዋታ ጊዜ የለውም፤ ሩጫ እንጀራው ነው።

እኔ የስፖርት አስተማሪ ነኝ። ቅዳሜ ጠዋት ደግሞ ያለ ክፍያ ከሰፈሩ ልጆች ጋር ሜዳ እወርዳለሁ። አንድ ሰሞን እኔም በወጣቶች ማሠልጠኛ ፕሮጀክት ታቅፌ ሮጫለሁ፤ አሥራ ስድስት ሳይሞላኝ ተውኩት። ለምን እንደተውኩት ወደ ኋላ እነግራችኋለሁ። ጋሼ፣ በቁጣ አይደለም የምጽፈው። ግን ይህ ጽሑፍ ከወላጅ ወደ ወላጅ እየዞረ ነው፣ ዞሮ ዞሮ የሚያርፈው ደግሞ ልጆቹ ላይ ነው።

በመጀመሪያው ልጀምር። ልጅ በሰባት ዓመቱ አንድ ስፖርት ካልያዘ የትም አይደርስም ይላሉ። ለዚህም የጠሩት ምሳሌ አበበ ቢቂላን ነው። እዚህ ላይ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ ሳቄ መጣ። አበበ የኛው አገር ልጅ ነው። በ1924 ዓ.ም. ጃቶ በምትባል መንደር፣ እዚሁ ሰሜን ሸዋ ካለችው ከመንዲዳ ብዙም ሳይርቅ ተወለደ። በልጅነቱ ማራቶን አልሮጠም። የገና ጨዋታ ነው የተጫወተው። ወጣት ሆኖ ክብር ዘበኛ ገባ፣ ስዊድናዊው አሰልጣኝ ኦኒ ኒስካነን እጅ የገባውም ከዚያ ወዲህ ነው። ሮም ላይ በባዶ እግሩ 2 ሰዓት ከ15 ደቂቃ ከ16 ሰከንድ ገብቶ ወርቅ ሲያጠልቅ ቀኑ ጳጉሜን 5፣ 1952 ዓ.ም. ነበር፣ የዘመን መለወጫ ዋዜማ። ዕድሜው 28። ታዲያ ጋሼ፣ የሰባት ዓመቱ ነገር የቱ ጋ ነው?

ገናን እስቲ አስቡት። የከተማ ልጅ ላያውቀው ይችላል። ጫፉ የተቆለመመ ዱላ አለ፣ እሩር የሚባል ኳስ አለ፣ ሁለት ሰፈር አለ። ስንት ለስንት እንደሚጫወቱ የወሰነ የለም። ሜዳው የት ጀምሮ የት እንደሚያልቅም ብዙ ጊዜ አይታወቅም፤ እሩሩ ከሄደ እስከ ወንዙ ድረስ ትሄዳለህ። ትሮጣለህ፣ ድንገት ትዞራለህ፣ ትመታለህ፣ ቅልጥምህን ትመታለህ፣ ትወድቃለህ፣ ትስቃለህ። ፊሽካ የሚነፋ፣ ሰዓት የሚይዝ የለም። ያውም «በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ» ተብሎ ተተርቷል። ጌታው እንኳ በሎሌው ዱላ ቢነካ አይቆጣም። ሰው ተሳስቶ የማይቀጣበት ቦታ ነው። አያቶቻችን የፈረንጅ ሥነ ልቦና ሳያነቡ ይህን ያውቁ ነበር፤ ልጅ ሳይፈራ የሚሞክርበት ሜዳ ያስፈልገዋል።

ፈረንጆቹም በኋላ ቆጥረው ደረሱበት። ከስድስት ሺህ በላይ አትሌቶችን የሚነኩ ጥናቶችን አንድ ላይ ሰብስቦ ያየ ሥራ አለ። በአዋቂነታቸው የዓለም ቁንጮ የሆኑት፣ አገር ውስጥ ጥሩ ከሚባሉት ጋር ሲነጻጸሩ፣ በልጅነታቸው ብዙ ዓይነት ስፖርት የተጫወቱ፣ ዋናውን ስፖርታቸውን ዘግየት ብለው የያዙ፣ መጀመሪያ ላይ ደግሞ ቀስ ብለው ያደጉ ናቸው። ጋሼን ለማገዝ የሚሆነውን ልደብቅ አልፈልግም። በልጆች ውድድር የሚያሸንፉት ተገላቢጦሽ ናቸው፤ ቶሎ የጀመሩት፣ አንዱ ላይ ብቻ የተጠመዱት። በአሥራ አራት ዓመት ዋንጫ ከፈለጉ የጋሼ መንገድ ይሠራል። ችግሩ ልጁ አሥራ አራት ዓመት ላይ አይቆምም።

ደግሞ የልጆች ውድድር ላይ ቆመን የምናየውን እናውቃለን። ከአሥራ አምስት ዓመት በታች ተብሎ ይሰለፋሉ። አንዱ ድምፁ ገና የወፍ ነው። ከጎኑ ያለው ጢም አብቅሏል። ዕድሜውን ስትጠይቀው መጀመሪያ አሰልጣኙን ዞር ብሎ ያያል። ያ ማጭበርበሩ ነው፣ እሱን እንተወው። በሐቅ እኩያ የሆኑትም እንኳ በአካል አንዱ ሌላውን በሁለትና በሦስት ዓመት ይቀድመዋል። ቶሎ የጎረመሰው ያሸንፋል፣ ሁሉም «ተሰጥዖ» ይለዋል። የዘገየው «አልችልም ማለት ነው» ብሎ ይሄዳል። ሦስት ዓመት ቆይተው ሌሎቹ ሲደርሱበት ደግሞ ያ ቀድሞ ያደገው ልጅ መሸነፍን ተምሮት ስለማያውቅ ይፈርሳል። ሁለቱንም አጣናቸው። የዓለም አትሌቲክሱ ማኅበር ከ18 ዓመት በታች ያለውን የዓለም ሻምፒዮና እ.ኤ.አ. ከ2017ቱ ናይሮቢ በኋላ አስቀርቶታል። ኖርዌይ ልጅ 13 ዓመት ሳይሞላው ብሔራዊ ሻምፒዮና አታወዳድርም፤ በ2022ቱ የቤጂንግ ክረምት ኦሎምፒክ ግን 16 ወርቅ ይዛ ሁሉንም በልጣለች። ኖርዌይ ሀብታም ናት ትሉኛላችሁ። እውነት ነው። ግን ሕፃናትን አለማጣደፍ ገንዘብ አይጠይቅም።

ከዚህ ጋር የሚሄድ አንድ ነገር ልጨምር። አምና ከሸዋ ሮቢት አንዲት ልጅ መጥታ ከኛ ጋር ሮጠች። ከ1,300 ሜትር አካባቢ ተነስታ፣ ጣርማ በርን ወጥታ፣ ከ2,800 ሜትር በላይ ያለው የኛ ውርጭ ላይ። ሁለተኛው ዙር ላይ ቆመች። ከንፈሯ ጠቁሯል። አንዱ ትልቅ ሰው ከዳር ሆኖ «ሰነፍ!» አላት። ልጅቷ ሰነፍ አልነበረችም። አየሩ ስስ ሆኖባት ነው። እሷ ግን ስለ ከፍታ ማን ነገራት? የሰማችው «ሰነፍ» የሚለውን ነው። ልጅ ሰውነቱ የሚነግረውን መተርጎም የሚማረው ከትልቅ ሰው አፍ ነው፣ በመጥፎ ከተረጎምክለት ያንን ይዞ ይሄዳል።

ወደ ስድቡ እንምጣ። የጽሑፉ ልብ እሱ ስለሆነ እኔም እዚሁ ቆየት እላለሁ።

አሥራ አምስት ዓመቴ ነበር። 3,000 ሜትር። የተዋስኩት ስፓይክ ሁለት ቁጥር ይበልጠኛል፣ ጫፉ ላይ ጨርቅ ጠቅጥቄበታለሁ። እስከ መጨረሻው ዙር ሦስተኛ ነበርኩ። ጨርቁ ተጠቀለለብኝ፣ ሁለት ልጆች አለፉኝ፣ አምስተኛ ሆኜ ገባሁ። ዝናብ ዘንቦ ነበር። አሰልጣኙ ቱታዬን ጭቃው ላይ ወረወረውና ሰው ሁሉ እየሰማ «ሂድ ከብትህን ጠብቅ!» አለኝ። ልጆቹ ሳቁ። እኔ በእርግጥም ከብት እጠብቅ ነበር፤ ከትምህርት መልስ የአባቴን ሁለት በሬና አንዲት ላም። ከብት መጠበቅ ስድብ መሆኑን ያወቅኩት ያን ቀን ነው።

ቱታዬን አንስቼ አራገፍኩት። ጭቃው አልለቀቀም። ቤት ስደርስ እናቴ «ምን ሆነህ ነው?» ስትለኝ «ወድቄ ነው» አልኩ። በሚቀጥለው ሳምንት ጉልበቴን አመመኝ አልኩ። ከዚያ ፈተና ደርሷል አልኩ። ከዚያ ማንም አልጠየቀኝም። ልብ በሉ፣ ልምምዱ ከብዶኝ አልነበረም። ሌሊት አሥራ አንድ ሰዓት በውርጭ መነሳቱን እወደው ነበር። በሶ በጥብጦ ጠጥቶ መውጣቱን እወደው ነበር። ድካም ልጅን አያሸሸውም ጋሼ፤ ልጅ ሲጫወት ከእኛ የበለጠ ይደክማል። የሚያሸሸው ሰው ፊት መዋረድ ነው።

«እኛ በርበሬ እየታጠንን አድገን ምን ሆንን?» ብለው ይጠይቃሉ። ጥሩ ጥያቄ ነው። እርስዎ ምንም አልሆኑም፣ እግዚአብሔር ይመስገን። ግን ከእርስዎ ጋር ልምምድ የጀመሩት ስንት ነበሩ? ሃያ? ሠላሳ? የቀሩት የት አሉ? የቀረ ሰው ጽሑፍ አይጽፍማ። የምንሰማው ስድቡን ተቋቁሞ ያለፈውን ብቻ ነው፣ ከዚያ «ስድብ ጠቀመው» እንላለን። ምናልባት ስድቡ ባይኖር ይበልጥ ይሮጥ ነበር። ምናልባት ከቀሩት ውስጥ አንዱ ከእርስዎ ይፈጥን ነበር።

ይህ ግምት ብቻ አይደለም። አሜሪካ፣ ሲያትል፣ ስሚዝና ስሞል የሚባሉ ሁለት የሥነ ልቦና ሊቃውንት ለብዙ ዓመት የልጆች ቤዝቦል አሰልጣኞችን ሲከታተሉ ኖረዋል። ከሥራ ባልደረባቸው ከባርኔት ጋር እ.ኤ.አ. በ1992 ያወጡት ውጤት እንዲህ ነው። የተወሰኑ አሰልጣኞች አጭር ሥልጠና ተሰጣቸው። ልጅ ሲደክምና ሲሞክር አይታችሁ አመስግኑት፣ ሲሳሳት አበረታቱትና እንዴት እንደሚያርመው አሳዩት፣ አታዋርዱት። ይኸው ነው፣ ሌላ አስማት የለውም። ሌሎቹ አሰልጣኞች እንደለመዱት ቀጠሉ። በሚቀጥለው ዓመት ሥልጠና ካልወሰዱት ዘንድ ከነበሩት ልጆች 26 በመቶው ሳይመለሱ ቀሩ። ሥልጠና ከወሰዱት ዘንድ ሳይመለሱ የቀሩት 5 በመቶ ናቸው። የማሸነፍ ቁጥራቸው ግን ያው ነበር። ማለትም ልጆቹ አልተሞላቀቁም፣ ጨዋታም አልጠፋባቸውም። አልሸሹም ብቻ።

ጋሼ እዚህ ቦታ ላይ ግማሽ ልክ የሆኑበት ነገር አለ። «ልጅን በሆነ ባልሆነው ማሞገስ ያበላሻል» ብለዋል። እስማማለሁ። ችግሩ ያለው ምኑን እንደምናሞግስ ላይ ነው። የኛ ሰው አፉ ላይ ያለችው ቃል «ጎበዝ» ናት። በላ፣ ጎበዝ። ሮጠ፣ ጎበዝ። አንደኛ ወጣ፣ ጎበዝ። አምስተኛ ሲወጣስ? ዝምታ። ስለዚህ ልጁ ጎበዝነት የውጤት ስም መሆኑን ይረዳል፣ ሲሸነፍ ጎበዝነቱ ይወሰድበታል። ሙለርና ድዌክ የተባሉ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ1998 ይህን በክፍል ውስጥ ፈትነውታል። ብልህ ናችሁ የተባሉት ልጆች ቀጥሎ ከባድ ጥያቄ ሲመጣ ቶሎ ተስፋ ቆረጡ፣ ውጤታቸውም ወረደ። ደህና ለፋችሁ የተባሉት ግን ገፉበት። እኔም ከራሴ ጋር ትግል ገጥሜያለሁ፣ «ጎበዝ» ከአፌ ሲያመልጠኝ «ዳገቷ ላይ ትከሻህን ዘና አደረግክ፣ አየሁህ» በሚል እቀይራታለሁ። ትረዝማለች። ልጁ ግን ምን እንዳደረገ ያውቃል።

የገንዘቡ ነገር ቶሎ ያልቃል። አንድ አባት ለልጃቸው በየጎሉ 50 ብር ቆረጡለት። ልጁ አጥቂ ነው። ከዚያ ወዲያ ኳስ ለማንም አይሰጥም። ከማዕዘን ይመታል፣ ከመሃል ይመታል፣ ጓደኛው ባዶ ጎል ፊት ቆሞ እጁን እያውለበለበ እሱ ይመታል። ባለፈው ወር አባትየው እጅ አጠራቸውና ክፍያው ቆመ። ልጁም ቆመ። ዛሬ ልምምድ ላይ አላየውም። እ.ኤ.አ. በ1973 በአሜሪካ የተሠራ የታወቀ ሙከራ አለ። ሥዕል መሳል የሚወዱ ሕፃናት «ከሳላችሁ ሽልማት አለ» ተባሉ። ሽልማቱን ወሰዱ። ከሳምንት ሁለት ሳምንት በኋላ፣ ሽልማት ሳይኖር፣ በነጻነት ሲለቀቁ፣ ለሥዕሉ የሚሰጡት ጊዜ ከሌሎቹ በግማሽ ገደማ አንሶ ተገኘ። ሳይነገራቸው በድንገት የተሸለሙት ግን አልቀነሱም። ስለዚህ ወላጆች፣ ከጨዋታ በኋላ ለስላሳ ግዙለት፣ ሲሸነፍም ግዙለት። ዋጋ አትቁረጡለት ብቻ።

ስለ ሆድ ሕመሙ ጋሼ በጣም ተሳስተዋል። «ፈሪ ነው፣ ይሸኝ» ብለዋል። ከውድድር በፊት ሆዱን የሚያመው ልጅ እየዋሸ አይደለም። በእርግጥ ያመዋል። ሰውነት ትልቅ ነገር ሊመጣ ነው ሲል አድሬናሊን ይለቃል። ልብ ይመታል፣ ደም ከሆድ ዕቃ ወደ ጡንቻ ይሄዳል፣ እጅ ይቀዘቅዛል፣ ሽንት ይመጣል። ይኸው ነው እኮ የሚያስሮጠው! ምጣድ ካልጋለ እንጀራው ዓይን አያወጣም፣ ከመጠን በላይ ከጋለ ደግሞ ያራል። የኛ ሥራ እሳቱን ማየት ነው፣ ምጣዱን መስበር አይደለም።

አንዲት የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ አለችን። ውድድር ሲኖር ከሜዳው ዳር ባሕር ዛፎቹ ጋ ሦስት ጊዜ ትመላለሳለች። መጀመሪያ ሰሞን ታለቅስ ነበር። አንድ ቀን ቁጭ ብለን «የት የት ያምሻል?» አልኳት። «እዚህ» አለች፣ እምብርቷን። «ሰውነትሽ እየተዘጋጀ ነው፤ ሞተር ሲነሳ አይንቀጠቀጥም?» አልኳት። የአጎቷ ባጃጅ ትዝ አላት መሰለኝ ፈገግ አለች። ከዚያ «ስለ ውጤት አታስቢ፣ እስከ መጀመሪያዋ ኩርባ ባለ ቀይ ማሊያዋ ኋላ ብቻ ሁኚ» አልኳት። ያቺን አንድ ነገር ይዛ ሄደች። አሁንም ሦስት ጊዜ ትመላለሳለች። ማልቀሱ ግን ቀርቷል። በጋሼ መንገድ ቢሆን ይቺ ልጅ ድሮ ተሸኝታለች።

የሁሉም ልጅ ፍርሃት ደግሞ አንድ ዓይነት አይደለም። ከቀያቸው ተፈናቅለው ከተማችን ውስጥ ከተጠለሉት ልጆች የተወሰኑት ቅዳሜ ይመጣሉ። ውድድር የማስጀምረው ሁለት ጣውላ እያማታሁ ነበር። ጧ! ሲል ሁሉም ይፈተለካል። አንድ ጠዋት ጣውላውን ሳማታ አንዱ ልጅ መሬት ላይ ተደፋ፣ ሁለት እጁን ጭንቅላቱ ላይ አድርጎ። ሌሎቹ ሮጡ። እሱ አልተነሳም። ጎኑ ሄጄ ተቀመጥኩ፣ ምንም አላልኩትም። ብዙ ቆይቶ «የቱ ጋ ደረሱ?» አለኝ። ያን ዕለት ጣውላዎቹን ለማገዶ ሰጠኋቸው። አሁን እጄን አነሳለሁ፣ አወርዳለሁ። ስንት ሰከንድ ከሰርኩ? ምንም።

ሜዳ ዳር ስለሚጮኹ ወላጆች ብዙ አልልም። «ሩጥ! ሩጥ!» ይላሉ። እየሮጠ አይደለም እንዴ ታዲያ? ልጁ የሚሮጠው ወደ ፊት ሳለ ዓይኑ ወደ ዳር ነው፣ አባቴ ፊት ላይ ምን አለ እያለ። ኳስ ላይማ ይብሳል፣ አሰልጣኝ «ልቀቅ» ይላል፣ አባት «ምታ» ይላል፣ ልጁ ኳሱን ረግጦ ይቆማል።

የሴቶቹን ጉዳይ ጋሼ በአንድ መስመር ስላለፉት በጥቂቱ ልመልስ። ወኔ ጎድሏቸው አይደለም። ወር አበባ ሲመጣ መቀየሪያ ክፍል የለም፣ ውሃ የለም፣ አሰልጣኙ ወንድ ነው፣ ቁምጣ ለብሰሽ አለፍሽ ብሎ የሚያፏጭ ጎረምሳ መንገድ ላይ አለ፣ ቤት ስትገባ ደግሞ ወንድሟ አርፎ እሷ ጀሪካን ይዛ ትወርዳለች። ከዚህ ሁሉ በኋላ የምትሮጥ ልጅ ወኔ ከሌላት ወኔ ምን እንደሆነ እኔ አላውቅም።

አሁን ወደ ከባዱ ነገር። «የድሃ ልጅ ለጨዋታ ጊዜ የለውም፤ ሩጫ እንጀራው ነው።» ይህን ሳነብ ዝም አልኩ። እውነት አለበት። በሩጫ ለእናታቸው ቤት የሠሩ ልጆችን እኛም አይተናል። የኔ አባት ሁለት በሬ ነበራቸው፤ ያም የሌለው አለ። ለሱ ልጅ «ዝም ብለህ ተጫወት» ማለት ቀልድ ይሆናል። ደራርቱ እ.ኤ.አ. በ1992ቱ ባርሴሎና ኦሎምፒክ ያንን ወርቅ ስታጠልቅ ስንት የገጠር ልጅ «እኔስ?» እንዳለ ሁላችንም እናውቃለን። ያንን ጥያቄ ከማንም ልጅ አልወስድም።

ግን እንጀራ ነው ካልን እንደ እንጀራ እናስላው። አንድ ገበሬ ያለውን ዘር ሁሉ አንድ ማሳ ላይ ዘርቶ፣ ያውም ገና በልጅነቱ በሬውን ሸጦ፣ በረዶ ቢመታበት ምን ይሆናል? ዘጠነኛ ክፍልን ትቶ ልምምድ ላይ ብቻ የዋለ ልጅ አውቃለሁ። ጥሩ ሰዓት ነበረው። አሰልጣኙ «ትምህርት ለሌላው ነው፣ አንተ ሯጭ ነህ» አሉት። ቤተሰቡም ሯጭ አሉት፣ ሰፈሩም ሯጭ አለው። የእግሩ አጥንት ተሰነጠቀ፤ ልምምድ በዝቶበት ነው፣ እያደገ ያለ አጥንት ያን ሁሉ አስፋልት አልቻለም። ስድስት ወር ተኛ። ልጠይቀው ሄጄ የነገረኝ ስለ እግሩ አልነበረም። «ሰው ሲያገኘኝ ስለ ሩጫ ነው የሚጠይቀኝ፤ አሁን ምን ልበላቸው?» ነው ያለኝ። ልጁ የተሰበረው እግሩ ብቻ አልነበረም። ከሯጭነት ሌላ ምንም እንዲሆን ያልተፈቀደለት ሰው ሩጫው ሲቆም ስሙም ይጠፋበታል።

አሁን ማታ ማታ ይማራል። ከሁለቱ አንዱን መምረጥ የለበትም ነበር። ድህነት ያለበት ልጅ ላይ ጨዋታ ቅንጦት ነው የሚሉት ጋሼ፣ ለእሱ ነው እንዲያውም የሚያስፈልገው፤ ውድቀቱን የሚደግፍለት ሀብታም አባት የለውማ። ትምህርቱ አለ፣ ጓደኞቹ አሉ፣ ኳስም ይጫወታል፣ ሩጫም ይሮጣል። ከዚያ በአሥራ ሰባት በአሥራ ስምንት ዓመቱ፣ አጥንቱ ሲጠና፣ ራሱ ሲመርጥ፣ ያኔ ይጠመድ። ያኔ እኔም ሌሊት አሥራ አንድ ሰዓት በሩን አንኳኩቼ አስነሳዋለሁ።

ይህን ጽሑፍ ከመጀመሬ በፊት ቅዳሜ ለልጆቹ ቁራጭ ቁራጭ ወረቀት አደልኳቸው። «ስም አትጻፉ። ለምን እዚህ እንደምትመጡ ብቻ ጻፉልኝ» አልኳቸው። ጉልበታቸው ላይ አስደግፈው ጻፉ። እስክሪብቶ ስላጠረን ተራ ነበር።

ቤቴ ገብቼ አንድ በአንድ አነበብኩት። «ጓደኛዬ ስለሚመጣ።» «ስሮጥ ብርዱ ስለሚጠፋ።» አንዷ «ቤት ከዋልኩ ውሃ ቅጂ ስለሚሉኝ» ብላለች፤ ብቻዬን ሳቅኩ። «እንደ አበበ ለመሆን» ያለ አለ፣ ሦስት ናቸው። አንዱ ጫማ ብቻ ስሏል።

የመጨረሻዋ ወረቀት አራት ቦታ ታጥፋ ነበር። ስትፈታ በትንንሽ ፊደል «ቅዳሜ አባቴ ገበያ ስለሚውል» ትላለች። የማን እንደሆነች አላጣራሁም።